ስለ ቀድሞው እርሻ ጤንነት፦ ለአንድ ጽሑፍ የተሰጠ ምላሽ

ስለ ግብርና የትናንትና የዛሬ ገጽታ የተጻፈ አንድ ሰፊ ጽሑፍ ሰሞኑን አነበብሁ። መከራከሪያው ባጭሩ ሲቀመጥ የሚከተለው ነው፦ የቀድሞው ገበሬ ከአፈሩ ጋር ተስማምቶ ስለሚኖር መሬት አይጎዳም ነበር፤ የፋብሪካ ማዳበሪያ የነጋዴ ጥቅም የወለደው እንጂ አስፈልጎ የመጣ አይደለም፤ የጥንቱ ዘር የሰው እጅ ያልነካው ሲሆን የዛሬው ምርጥ ዘር ግን የቤተ ሙከራ ፍጡር ነው፤ መኪና ገበሬውን ከመሬቱ ነቀለው፤ በሰብል ላይ መርዝ መርጨት የዘመናችን በሽታ ነው፤ ስለዚህ መፍትሔው ወደ ቀድሞው አስተራረስ ሙሉ በሙሉ መመለስ ነው። ጸሐፊው ስለ አፈርና ስለ ውኃ መጎዳት የሚሰማቸው ቁጭት የእኔም ቁጭት ነው። የምለያቸው ታሪኩን በሚያዩበት መንገድ ነው። በእኔ እምነት በእርሻ ታሪክ ውስጥ እያንዳንዱ ታላቅ ለውጥ አንድ የጠና ችግር ለመፍታት መጥቶ የራሱን አዲስ ዕዳ ትቶ አልፏል፤ ችግሩን ረስተን ዕዳውን ብቻ የቆጠርን እንደ ሆነ ዕዳውን የምንከፍልበትን መንገድም እናጣለን። ከዚህ በታች የምጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

«መሬት አይጎዳም ነበር» ከሚለው ልጀምር። ሰው እህል ማብቀል ከጀመረ ከ10,000 ዓመት በላይ ሆኖታል፤ በዚህ ረጅም ዘመን መሬታቸውን ሳይጎዱ የኖሩ ገበሬዎች እንደ ነበሩ አልክድም። ነገር ግን ይህ አብዛኛውን ጊዜ የተቻለው መሬቱ ሰፊ፣ ሰዉ ጥቂት በነበረበት ስፍራ ነው። ደን መንጥሮና አቃጥሎ ሁለት ሦስት ዓመት ማረስ፣ አፈሩ ሲደክም ትቶት ወደ ሌላ ስፍራ መሄድ፣ የተተወው መሬት ዛፍ መልሶ እስኪያለብስ ድረስ አሥርና ሃያ ዓመት ጦሙን ማሳደር በብዙ ክፍለ ዓለማት የተለመደ አሠራር ነበር። ሕዝቡ ሲበዛ መሬቱ ጦሙን የሚያድርበት ጊዜ ያጥራል፤ ጊዜው ሲያጥር አፈሩ ሳያገግም ይታረሳል፤ ሳያገግም የታረሰ አፈር ደግሞ በየዓመቱ የሚሰጠው እህል እየቀነሰ ይሄዳል። ገበሬው ያለውን ጥበብ ሁሉ ቢጠቀም እንኳ ከዚህ ስሌት አያመልጥም።

ያለ ትራክተርና ያለ ማዳበሪያ የጠፋ መሬትም ሞልቷል። በኤፍራጥስና በጤግሮስ ወንዞች መካከል የነበሩት ጥንታዊ ገበሬዎች ሜዳውን በመስኖ ሲያለሙ፣ የተትረፈረፈው ውኃ ተመልሶ የሚወጣበት በቂ ቦይ ስላልነበረ የከርሰ ምድሩ ውኃ ከፍ እያለ መጣ፤ ፀሐይ ውኃውን እያተነነች ጨውን ከማሳው ላይ ተወችው፤ ለም የነበረ ሰፊ መሬትም እህል የማያበቅል ሆኖ ቀረ። በቻይና ቢጫ ወንዝ የሚባለው ስሙን ያገኘው ከሚሸከመው አፈር ሲሆን፣ ያን አፈር ካበዙት ምክንያቶች አንዱ በተፋሰሱ ኮረብቶች ላይ ለሺህ ዓመታት የዘለቀው እርሻ ነው።

ይህን ስል ዘመናዊው እርሻ ጥፋት የለበትም ማለቴ አይደለም። በ1930ዎቹ በአሜሪካ ታላላቅ ሜዳዎች የደረሰው የአቧራ ማዕበል የጸሐፊውን ክርክር በእጅጉ የሚያጠናክር ምሳሌ ነበር፤ እርሳቸው አለማንሳታቸው ይገርመኛል። የሣር ሥሮች አጥብቀው ይዘውት የኖሩት አፈር በትራክተር በጥቂት ዓመታት ተገልብጦ ስንዴ ተዘራበት፤ ድርቅ ሲመጣ ስንዴው ደረቀ፤ የሚይዘው ያጣው አፈርም በነፋስ ተነሥቶ ቀንን እስኪያጨልም ድረስ ተጓዘ። የድሮው ማረሻ በትውልዶች የሚያደርሰውን ጥፋት ትራክተሩ ባንድ ሰው ዕድሜ ውስጥ አደረሰው። ልብ ሊባል የሚገባው ግን ከዚያ በኋላ አፈርን ለማዳን ከተገኙት ዘዴዎች አንዱ፣ ማለትም መሬቱን ሳይገለብጡ በቀደመው አዝመራ ገለባ መካከል መዝራት፣ በሰፊ ማሳ ላይ የሚሠራው ባዲስ የመዝሪያ መኪና መሆኑ ነው። ወደ ጥንቱ ማረሻ በመመለስ የተገኘ ዘዴ አይደለም።

ሁለተኛው ነጥብ ከሁሉም ይከብዳል፤ ስለዚህ እዚህ ላይ ቆየት እላለሁ። ጸሐፊው «ለሺህ ዓመታት ያለ ፋብሪካ ማዳበሪያ ከተኖረ ዛሬ ለምን ያስፈልጋል?» ብለው ይጠይቃሉ። ጥያቄው ተገቢ ነው፤ መልሱም ያለው ናይትሮጅን በሚባለው ንጥረ ነገር ላይ ነው። ከምንተነፍሰው አየር 78 በመቶው ናይትሮጅን ቢሆንም፣ እህል ከአየር በቀጥታ ሊወስደው አይችልም፤ በአፈር ውስጥ ተሟሙቶ ሲያገኘው ብቻ በሥሩ ይስበዋል። እህሉ ታጭዶና ተወቅቶ ከማሳው በወጣ ቁጥር ናይትሮጅኑም አብሮ ይወጣል፤ ስለዚህ በሆነ መንገድ መመለስ አለበት። የቀድሞው ገበሬ ሁለት ዋና መንገዶች ነበሩት። አንደኛው ፍግ ነው፤ ፍግ ግን አዲስ ናይትሮጅን አይፈጥርም፤ ከብቶቹ የበሉትን ከግጦሹ ወደ ማሳው ያሻግራል እንጂ። እርሻውን በፍግ ለማበልጸግ ከእርሻው የሚበልጥ የግጦሽ መሬት ያስፈልጋል ማለት ነው። ሁለተኛው እንደ ባቄላ፣ አተርና ክሎቨር የሚባለው የከብት መኖ ያሉትን ዕፀዋት ከእህል ጋር ማፈራረቅ ነው። በእነዚህ ዕፀዋት ሥር ላይ የሚታዩት ጥቃቅን እብጠቶች ውስጥ ናይትሮጅንን ከአየር የሚይዙ ባክቴሪያዎች ይኖራሉ፤ ሳይንስ ይህን ያረጋገጠው በ1880ዎቹ ሲሆን፣ ገበሬው ግን ከዚያ በፊት በብዙ መቶ ዓመታት ባቄላ የተዘራበት መሬት በማግሥቱ ዓመት የተሻለ እህል እንደሚሰጥ ያውቅ ነበር። ለዚህ እውቀት ያለኝ አክብሮት ከጸሐፊው አያንስም። ሆኖም ማፈራረቁ የራሱን ወቅትና የራሱን መሬት ይጠይቃል።

ሁለቱ መንገዶች ምን ያህል ያበሉ ነበር? በመካከለኛው ዘመን አውሮፓ አንድ እጅ ስንዴ የዘራ ገበሬ ባማካይ የሚሰበስበው ከሦስት እስከ አምስት እጅ ነበር። አራት እጅ አገኘ እንበል፤ አንዱን ለሚመጣው ዓመት ዘር ያስቀምጣል፤ ከቀሪው ግብሩን ይከፍላል፤ የተረፈው ቤተሰቡን እስከሚቀጥለው አዝመራ ማድረስ አለበት። ዝናቡ ካለ ወትሮው የበዛ ወይም የቀረ ዓመት ላይ ሁለት እጅ ብቻ ቢያገኝ፣ ዘሩን መብላትና ልጆቹን ማስራብ ከሚባሉት አንዱን መምረጥ ነበረበት። በ1315 እና ከዚያ በኋላ ባሉት ዓመታት በሰሜን አውሮፓ ዝናቡ አላቋርጥ ሲል የሆነው ይኸው ነው። ጸሐፊው «ያኔ ሁሉም ከጎተራው ይበላ ነበር» ሲሉ ያ ጎተራ በየስንት ዓመቱ ባዶ ይሆን እንደ ነበር አይነግሩንም።

ማዳበሪያን ነጋዴ ፈጠረው የሚለውም የጊዜ ቅደም ተከተሉን አይጠብቅም። በ19ኛው ክፍለ ዘመን የማዳበሪያ ፍላጎት ስላደገ፣ ከፔሩ ጠረፍ አጠገብ ባሉ ደሴቶች ላይ ለዘመናት የተከመረ የወፍ ኩስ እየተቆፈረ በመርከብ ወደ አውሮፓና ወደ አሜሪካ ይጫን ነበር፤ ክምሩ በጥቂት አሥርት ዓመታት ተሟጠጠ። ከዚያ ተራው በደቡብ አሜሪካ የሚገኘው የአታካማ በረሃ ናይትሮጅን ያዘለ የናይትሬት ጨው ሆነ፤ ይህ ጨው የሚገኝበትን መሬት ለመያዝ ቺሊ ከፔሩና ከቦሊቪያ ጋር በ1879 ጦርነት ገጠመች። በ1898 እንግሊዛዊው ኬሚስት ዊልያም ክሩክስ ናይትሮጅንን ከአየር የሚወስድ ዘዴ ካልተገኘ ስንዴ ተመጋቢው ዓለም እጥረት እንደሚገጥመው በይፋ አስጠነቀቀ። ጀርመናዊው ኬሚስት ፍሪትዝ ሃበር ከአየር ናይትሮጅን የማዳበሪያ መነሻ የሆነውን አሞኒያ መሥራት እንደሚቻል በ1909 አሳየ፤ ካርል ቦሽ ዘዴውን ለፋብሪካ አበቃው፤ የመጀመሪያው ፋብሪካም በ1913 በጀርመን ኦፓው ሥራ ጀመረ። በ1900 የዓለም ሕዝብ 1.6 ቢሊዮን ያህል ነበር፤ ዛሬ ከ8 ቢሊዮን በላይ ነው። ባለሙያዎች በሚያቀርቡት ግምት ዛሬ በሕይወት ካለው ሰው ግማሽ ለሚጠጋው ምግብ የሚሆነው ሰብል በዚህ ዘዴ በተገኘ ናይትሮጅን የበቀለ ነው።

ፍግና የፋብሪካ ማዳበሪያ የሚያደርጉትን ልዩነት ጎን ለጎን ማየት ለሚፈልግ ሰው በእንግሊዝ ሮታምስቴድ በሚባለው የእርሻ ምርምር ጣቢያ የሚገኝ ብሮድባልክ የሚባል ማሳ አለ። ከ1843 ጀምሮ እስከ ዛሬ ስንዴ እየተዘራበት ነው። አንዱ ቁራሽ መሬት ምንም አይደረግለትም፤ ሌላው በየዓመቱ ፍግ ይበተንበታል፤ ሌሎቹ የተለያየ መጠን ያለው የማዕድን ማዳበሪያ ያገኛሉ። ምንም የማይደረግለት ቁራሽ ስንዴ በተከታታይ ሲዘራበት በሄክታር የሚሰጠው አንድ ቶን ያህል ብቻ ሲሆን፣ ፍግ ያገኘውና በቂ ማዳበሪያ ያገኘው ግን ለረጅም ዘመን የተቀራረበ፣ ከዚያ በብዙ እጥፍ የሚበልጥ ምርት ሲሰጡ ኖረዋል። ማዳበሪያ አፈርን ይገድላል ለሚለው ክስ ከ180 ዓመት በላይ የቆየው ይህ ማሳ ማስረጃ አይሆንም። ለጸሐፊው የሚመሰክርም ነገር አለው፤ ፍግ ሲበተንበት የኖረው አፈር የያዘው ብስባሽ ምንም ካላገኘው ከእጥፍ በላይ ሆኗል፤ እንዲህ ያለው አፈር ይለሰልሳል፤ ውኃም ይይዛል። ፋብሪካው ይህን አይሰጥም።

ዕዳውም ትንሽ አይደለም። በማሳ ላይ ከሚበተነው ናይትሮጅን ሰፊው ክፍል በእህሉ አይወሰድም፤ ከፊሉ በዝናብ ታጥቦ ወደ ወንዝ ይገባል። የሚሲሲፒ ወንዝ ከእርሻዎች ያጠበውን ይዞ ወደ ሜክሲኮ ባሕረ ሰላጤ ሲገባ በየበጋው አልጌ የሚባል ተክል መሰል የውኃ አረንጓዴ ይፈላል፤ አልጌው ሲበሰብስ ኦክስጅኑን ስለሚጨርሰው ዓሣ የማይኖርበት ሰፊ የባሕር ክፍል ይፈጠራል። ጥቂቱ ደግሞ ናይትረስ ኦክሳይድ ሆኖ ወደ አየር ይወጣል፤ ይህ ጋዝ በመቶ ዓመት ሲሰላ ሙቀት በማመቅ ከካርቦን ዳይኦክሳይድ 270 ጊዜ ያህል ይበልጣል። ጸሐፊው ክሳቸውን በመጠኑ፣ በወቅቱና በአበታተኑ ላይ ቢያቆሙት ኖሮ ይህን ምላሽ ባልጻፍሁም ነበር።

ስለ ዘር የጻፉት ደግሞ ከመነሻው የተሳሳተ ነው። የዱር ስንዴ ዛላ ሲደርስ አንጓው ይሰበርና ፍሬው በየተራ መሬት ላይ ይረግፋል፤ ለተክሉ ይህ መልካም ነው፤ ራሱን የሚዘራው በዚህ ነውና። አልፎ አልፎ ግን በተፈጥሮ ስህተት አንጓው የማይሰበር ዛላ ይወጣል። ሰው አጭዶ ወደ ቤቱ የሚያደርሰው ያልረገፈውን ስለሆነ፣ መልሶ የሚዘራውም በአብዛኛው እርሱኑ ሆነ፤ ከብዙ መቶ አዝመራ በኋላ ዛላው ፈጽሞ የማይረግፍ፣ ሰው ካልወቃውና ካልዘራው ራሱን ማብዛት የማይችል ስንዴ ተገኘ። በቆሎም እንዲሁ ነው፤ የዱር ቅድመ አያቱ ከአሥር ብዙም የማይበልጥ ፍሬ የሚይዝ፣ እያንዳንዱም ፍሬ እንደ ድንጋይ በጠነከረ ሽፋን የተጠቀለለ ሣር ነበር። ከ9,000 ዓመት ገደማ በፊት ጀምሮ በሜክሲኮ የኖሩ ገበሬዎች እየመረጡ በመዝራት ዛሬ የምናውቀውን በቆሎ አደረጉት። የሰው እጅ ያልነካው የእህል ዘር ቢኖር የዱር ሣር ነው።

«የቤተ ሙከራ ፍጡር» የሚሏቸው አጫጭር የስንዴ ዝርያዎች እንዴት እንደ ተገኙም መታወቅ አለበት። አዳቃዩ የስንዴዋን አበባ በወረንጦ ከፍቶ ሦስቱን የብናኝ ከረጢቶች ሳይፈነዱ ይነቅላል፤ ዛላውን በወረቀት ይሸፍናል፤ በጥቂት ቀናት ውስጥ ከሌላ ዝርያ ያመጣውን ብናኝ ይነሰንስበታል። ከዚያ በሺህ ከሚቆጠሩ ቡቃያዎች መካከል በዋግ ያልተመታውንና ያልወደቀውን እየመረጠ ያስቀራል። አሜሪካዊው የስንዴ አዳቃይ ኖርማን ቦርሎግ ከ1944 ጀምሮ በሜክሲኮ የሠራው ሥራ ይህ ነው። ረጅሙ ስንዴ ማዳበሪያ ሲያገኝ ፍሬው ከብዶት ይጋደም ስለ ነበረ፣ ከጃፓን ዝርያ የተገኘውን የማጠር ጠባይ አዳቀለበት። ሕንድ በ1965 12 ሚሊዮን ቶን ያህል ስንዴ ታመርት የነበረች ሲሆን በ1970 ምርቷ 20 ሚሊዮን ቶን ደረሰ። በሕንዱ የፑንጃብ ግዛት የከርሰ ምድር ውኃ ዛሬ ከዓመት ዓመት እየራቀ መሄዱ የዚያው ለውጥ ዕዳ ነው፤ ግን ዕዳው የመጣው ፓምፕን ያለ ገደብ ከማስኬድ እንጂ ስንዴው ከማጠሩ አይደለም።

የዝርያ መመሳሰል አደገኛ ነው በሚለው ላይ ከጸሐፊው ጋር እስማማለሁ። በ1970 የአሜሪካ በቆሎ ሰፊው ክፍል በእናት በኩል ከአንድ ዝርያ የወረደ ስለ ነበረ አንድ የቅጠል በሽታ ከአጠቃላይ ምርቱ 15 በመቶ ያህሉን አጠፋው። ነገር ግን ይህ የዘመናዊ ዘር ብቻ ጠባይ አይደለም። በ1845 በአየርላንድ የድንች ዋግ ሲገባ ድኻው ሕዝብ የሚኖርበት ድንች አብዛኛው አንድ ዓይነት ነበር፤ በጥቂት ዓመታት ውስጥ አንድ ሚሊዮን ያህል ሰው አለቀ። ደግሞም «ሳይንስ የጥንቱን ዘር ናቀው» ለሚለው፣ በሁለተኛው የዓለም ጦርነት በሌኒንግራድ ከተማ ከበባ ጊዜ በሩሲያዊው የዕፀዋት ሳይንቲስት በኒኮላይ ቫቪሎቭ የተሰበሰበውን የዘር ክምችት ሲጠብቁ የነበሩ ሳይንቲስቶች በዙሪያቸው ሩዝና ስንዴ እያለ ሳይነኩት በረሃብ መሞታቸውን ማስታወስ ይበቃል።

ስለ መኪና የጻፉት ግማሹ እውነት ነው። በ1830 በደቡብ እንግሊዝ የቀን ሠራተኞች ተነሥተው የመውቂያ መኪናዎችን የሰባበሩት፣ መኪናው በክረምት ወራት እህል እየወቁ የሚያገኙትን እንጀራ ስለ ነጠቃቸው ነው፤ ጥቂቶቹ ተሰቀሉ፤ በመቶ የሚቆጠሩት ወደ አውስትራሊያ ተጋዙ። ይህ በደል ነው፤ ማንም ሊያቃልለው አይገባም። ነገር ግን ጎንበስ ብሎ በማጭድ ማጨድ የሚያደርሰውን የወገብ ሕመም እንደ ባህል ውበት አድርጎ ማቅረብም ለአጫጁ ያለ አክብሮት አይመስለኝም። ሌላም የተረሳ ነገር አለ። ትራክተር ከመስፋፋቱ በፊት በአሜሪካ ከ25 ሚሊዮን የማያንሱ ፈረሶችና በቅሎዎች የነበሩ ሲሆን፣ ከታረሰው መሬት ሩብ ያህሉ የእነርሱን ቀለብ ያበቅል ነበር። ትራክተሩ ያን መሬት ለሰው ምግብ ለቀቀው፤ በምትኩ ነዳጅ ጠየቀ፤ ክብደቱም አፈሩን ጠቀጠቀው።

በተባይ መርዝ ላይ ከሌሎቹ ነጥቦች ይልቅ እንቀራረባለን፤ ሆኖም መርዙ የጀመረው በእኛ ዘመን አይደለም። ዲዲቲ ነፍሳትን እንደሚገድል ከመታወቁ ከ1939 በፊት በነበሩት አሥርት ዓመታት የፍራፍሬ ዛፎችና የድንች ማሳዎች ይረጩ የነበረው አርሰኒክና እርሳስ በያዘ ውሕድ ነው፤ ይህ መርዝ የተረጨበት አፈር እስከ ዛሬ አልጠራም። ዘመናችን ያመጣው ብዛቱንና ቸልተኝነቱን ነው። ኢንዶኔዢያ በሩዝ ላይ ያለ ልክ ስትረጭ የሩዙን ጠላት የሚበሉት ሸረሪቶችና ነፍሳት ቀድመው ስላለቁ ተባዩ ይባስ ብሎ ተራባ፤ መንግሥት በ1986 ሃምሳ ሰባት ዓይነት መርዞች በሩዝ ላይ እንዳይረጩ ከለከለ፤ ገበሬዎችም ማሳቸውን እያዩ እንዲወስኑ ሠለጠኑ፤ የሩዝ ምርቱ ግን አልወደቀም። ከደቡብ አሜሪካ ወደ አፍሪካ የገባው የካሳቫ (ሥሩ የሚበላ ተክል) ተባይ በ1970ዎቹ ማሳዎችን ሲያራቁትም ያቆመው መርዝ አልነበረም፤ የተባዩ የተፈጥሮ ጠላት የሆነች ጥቃቅን ተርብ ከትውልድ ስፍራው ተፈልጋ፣ ተራብታ ከ1981 ጀምሮ ተለቀቀች፤ ተባዩም ልኩን ያዘ። ጸሐፊው የሚመኙት ከተፈጥሮ ጋር መስማማት ይህን ይመስላል፤ የተገኘውም የተርቧን የሕይወት ዑደት ባጠና አዲስ እውቀት ነው።

በመጨረሻ ወደ መፍትሔያቸው እመጣለሁ፤ ሙሉ በሙሉ እንመለስ ይላሉ። ይህን የሞከረ አገር አለ። ስሪ ላንካ በ2021 የፋብሪካ ማዳበሪያና የእርሻ ኬሚካል ወደ አገር እንዳይገባ በአንድ ጊዜ አገደች፤ ከምክንያቶቹ አንዱ የውጭ ምንዛሪ እጥረት ነበር። ገበሬው የሚተካው በቂ ፍግና ኮምፖስት አልተዘጋጀለትም፤ የሩዙም የሻዩም ምርት ወደቀ፤ ሩዝ ለራሷ የምትበቃ የነበረችው አገር ከውጭ ለማስገባት ተገደደች፤ እገዳውም በዚያው ዓመት ኅዳር መላላት ጀመረ። ሐሳቡ በዓመታት ተከፋፍሎ፣ ጥራጥሬው በፈረቃ እየገባ፣ ፍጉ እየተጠራቀመ ቢካሄድ ኖሮ ውጤቱ ሌላ ሊሆን ይችል ነበር።

ጸሐፊው ለዚህ ምላሽ መልስ የሚሰጡ ከሆነ ሁለት ነገር እንዲያብራሩልኝ በአክብሮት እጠይቃለሁ። እርሳቸው በሚያስቡት እርሻ ውስጥ በየአዝመራው ከማሳ የሚወጣው ናይትሮጅን ከየት ይተካል? ከ1961 ወዲህ የዓለም የእህል ምርት ከሦስት እጥፍ በላይ ያደገው የእህል መሬቱ በጥቂቱ ብቻ ሰፍቶ ነውና፣ በሄክታር የሚገኘው ምርት ወደ ቀድሞው መጠን ቢመለስ የሚጎድለው እህል በየትኛው ደንና በየትኛው ግጦሽ ላይ ይዘራል?